ቀባሪ አላጣንም

ባለፈው ወር በምኖርበት የጋራ መኖሪያ ግቢ፣ በሁለት ብሎኮች መሃል መኪና በሚቆምበት ቦታ ላይ ድንኳን ተተክሎ ነበር። ከሥራ ስመለስ ገባሁ። አግዳሚው ሞልቷል፣ ንፍሮ ይዞራል፣ ወጣቶች ውኃ ያድላሉ፣ ጥግ ላይ ካርታ የሚጫወቱም አሉ። ሥርዓቱ አንድም አልጎደለበትም። አጠገቤ ወደተቀመጡት ሰው ጎንበስ ብዬ «ማን ናቸው የሞቱት?» አልኳቸው። «የ14 ቁጥሯ እናት» አሉኝ። «ስማቸውስ?» ስል ትንሽ አሰቡና ወደ ቀኛቸው ዞረው ሌላውን ጠየቁ። እሱም ቀጣዩን። ጥያቄው አግዳሚውን ይዞ እስከ ድንኳኑ ጥግ ተጉዞ ባዶ እጁን ተመለሰ። እኚህ ሴት በዚያ ሕንፃ ስምንት ዓመት ኖረዋል። እኔም እዚያው መግቢያ፣ አንድ ፎቅ ከሳቸው በታች ነኝ።

እዚያው ድንኳን ውስጥ ትንሽ ቆይቶ ወሬው ወደ ውጭ አገር ዞረ። ጀርመን ኖሮ የመጣ ሰው አንድ አዛውንት በሞቱ በስንተኛው ሳምንት እንደተገኙ ተረከልንና «ብቸኝነት የፈረንጅ በሽታ ነው፤ እኛ ተመስገን ነው» ብሎ ደመደመ። ሁሉም ራሱን ነቀነቀ። ስማቸውን የማናውቃቸውን ሴት ልንቀብር የተቀመጥን ሰዎች ነበርን፤ ራሳችንን ነቀነቅን። እኔም አብሬ እንደነቀነቅሁ አልክድም።

ይህ አባባል ስሕተት ነው። ሌላው ስሕተት አንድ ቀን ሊታረም ይችላል፤ ይህ ግን ጉዳቱን ራሱን ስለሚሸፍነው አደገኛ ነው። ብቸኝነትን የሰው እጥረት አድርገን ስለምናስበው፣ ሰው በሞላበት ቦታ ብቸኝነት የለም ብለን እናርፋለን። ቋንቋችን ግን ከእኛ ይልቅ አስተዋይ ነው። «ብቸኛ» አጠገቡ ሰው የሌለው ነው፤ «ባይተዋር» ደግሞ በሰው መሃል ሆኖ ማንነቱን የሚያውቅለት የሌለው ነው። ብቸኛው በር አንኳክቶ ሰው ያገኛል። ባይተዋሩ አንኳክቶ ሲከፈትለት «ማን ልበል?» ይባላል። አዲስ አበባን የያዛት ሁለተኛው ነው።

የፈረንጅ በሽታ?

እንግሊዝ እ.ኤ.አ. በ2018 የብቸኝነትን ጉዳይ ለአንድ ሚኒስትር ስትሰጥ፣ ጃፓንም በ2021 ስትከተላት፣ እዚህ እንደ ቀልድ ነበር የተወራው። ለብቸኝነት ሚኒስትር! ምን ጎድሎባቸው ነው? ቡና አጣጭ? ሳቁ ውስጥ ኩራት ነበረበት። የዓለም ጤና ድርጅት ያቋቋመው የማኅበራዊ ትስስር ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በጁን 2025 ያወጣው ሪፖርት ይህንን ኩራት ቦታ የሚያሳጣ ነው። በዓለም ላይ ከስድስት ሰው አንዱ ብቸኝነት ይሰማዋል፤ ከዚሁ ጋር የሚያያዘው ሞት በዓመት 871 ሺህ ይደርሳል። እስከዚህ ያለውን የፈረንጅ ነው ልንል እንችል ነበር። ነገር ግን ሪፖርቱ አገሮችን በገቢ ሲከፍላቸው፣ በከፍተኛ ገቢ አገሮች ብቸኝነት ይሰማኛል ያለው ሰው 11 በመቶ ገደማ ሲሆን፣ በዝቅተኛ ገቢ አገሮች 24 በመቶ ገደማ ነው። ከእጥፍ በላይ።

ቁጥሩን ሲያዩ «እንዴት ይሆናል?» የሚሉ አሉ። እኔን የሚገርመኝ ጥያቄው ነው። ድሀ አገር ማለት ሰው ከቦታው ብዙ የሚነቀልበት አገር ነው። ልጅ ሥራ ፍለጋ ከወሎ ሞጆ ይወርዳል፤ እህት ቤይሩት ትሄዳለች፤ ቤት በጦርነት ይፈታል፤ ሰፈር በልማት ይነሳል። የተነቀለ ሰው ደግሞ ሥር እስኪሰድ የሚደግፈው ክበብ፣ የምክር አገልግሎት የሚባል ነገር እምብዛም የለም። ያለው ሰው ብቻ ነው፤ ሰው ሲጎድል ሁሉም ይጎድላል። ለሀብታሙ አገር ብቸኝነት የሰው እጦት ብቻ ሊሆን ይችላል። ለእኛ ግን ሰው ማለት ዋስ፣ አበዳሪ፣ ሞግዚት፣ አስታማሚና መስካሪ ነው።

የእኛው ሰላምታ ደግሞ ነገሩን ይደብቀዋል። «እንዴት ነህ?» ስንባል መልሱ ከጥያቄው ቀድሞ የተዘጋጀ ነው፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ጤና፣ ልጆች፣ ሥራ፣ እናት፣ አባት በየተራ ይጠየቃሉ፤ ለሁሉም ምስጋና ይሰጣል። በዚያ ረጅም ሰላምታ ውስጥ «ብቻዬን ነኝ» የምትል ቃል የምትገባበት ቀዳዳ የለም። ያላት ሰው ቤተሰቡን ያሳጣ፣ ዘመዱን የከሰሰ ይመስላል። ስለዚህ አይልም። ስለማይል የለም እንላለን።

ነገሩ የቲክቶክ ዘመን ልጅ የሚመስለው ካለም በዓሉ ግርማ በ1962 ዓ.ም. ያሳተመውን «ከአድማስ ባሻገር» ያስታውስ። ዋናው ገጸ ባሕርይ አበራ ሥራ አለው፣ ዘመድ አለው፣ የሚመክረው ወንድም አለው፤ ሥዕል የሚሻውን ውስጡን የሚያይለት ግን አጥቶ ነው የሚንገላታው። ስማርት ስልክ ከመምጣቱ አርባ ዓመት በፊት መሆኑ ነው።

እድር ከየት መጣ?

ብዙ ሰው እድርን ከጥንት የመጣ፣ ከአገሩ አፈር የበቀለ ቅርስ አድርጎ ያስበዋል። ታሪኩ ግን ሌላ ይላል። አዲስ አበባ ራሷ ስትጀመር የእንግዶች ሠፈራ ነበረች። «ሰፈር» የሚለው ቃል ካምፕ ማለት እንደሆነ ረስተነዋል፤ ደጃች ውቤ ሰፈር፣ ራስ ካሳ ሰፈር፣ ሠራተኛ ሰፈር የምንላቸው ሁሉ መኳንንቱ ጭፍራቸውን፣ ወይም ቤተ መንግሥቱ ሠራተኞቹን ያሰፈሩባቸው ቦታዎች ናቸው። ከየአውራጃው የመጣው ሰው እርስ በርሱ አይተዋወቅም ነበር። እድር በዚህች ከተማ በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ አካባቢ ብቅ ያለው፣ በጣሊያን ወረራ ዘመንና ከዚያም በኋላ የተስፋፋው፣ ከገጠር የመጡ ሰዎች፣ በተለይም ጉራጌዎች፣ በአንድ ፍርሃት ምክንያት ስለተሰባሰቡ ነው። ዘመድ በሌለበት ከተማ ብሞት ማን ይቀብረኛል? ድንኳኑ፣ አግዳሚው፣ ድስቱ፣ ጡሩምባ ነፊው ሁሉ የዚህ ጥያቄ መልስ ነው። ስለዚህ እድር ባይተዋሮች ለባይተዋርነት የፈጠሩት መድኃኒት ነው እንጂ ባይተዋርነት ያልነበረበት ዘመን ማስረጃ አይደለም።

ታዲያ የድሮው ሰፈር ሙቀት ከየት መጣ? ከደግነት ብቻ አይመስለኝም። ከመቆየት ነው። ሐምሌ 1967 የወጣው አዋጅ የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ሲያደርግ፣ የቀበሌ ቤት የሚባል ነገር ተፈጠረ። ኪራዩ በወር ጥቂት ብር ነበር፤ ቤቱ አይሸጥም ነበር፤ ትተኸው ብትሄድ ሌላ አታገኝም ነበር። ስለዚህ ማንም አልሄደም። ሰው በአንድ ግቢ፣ በአንድ ቧንቧ፣ በአንድ መጸዳጃ ሠላሳና አርባ ዓመት ተቀመጠ። ጣሪያው አፈሰሰ፣ ግድግዳው ጎበጠ፣ ጎረቤት ግን አልተለወጠም። አራት ኪሎና ካዛንቺስ የምናውቀውን «አብሮ አደግነት» ያበቀለው፣ ደስ ባይለንም፣ መውጫ የሌለው ድህነት ጭምር ነው። ይህንን ሳያምኑ የድሮ ሰፈርን የሚያወድሱ ጽሑፎች ይሰለቹኛል።

ከዚያ ደግሞ መነሳቱ መጣ። የጋራ መኖሪያ ቤቶች ግንባታ በ1990ዎቹ አጋማሽ ገርጂ ላይ በሙከራ ተጀምሮ ወደ ጀሞ፣ የካ አባዶ፣ ቦሌ አራብሳ፣ ኮዬ ፈጬ ሰፋ። ልደታና ሰንጋ ተራ ፈረሱ፤ በ2016 እና በ2017 ደግሞ የፒያሳና የካዛንቺስ ተራ ደረሰ። ቤቱ በአብዛኛው ይደርስ የነበረው በዕጣ ነው። ዕጣው ለፍትሕ ሲባል የተዘረጋ ነው፤ 30 በመቶው ለሴቶች መያዙም የሚያስመሰግን ነበር። ዕጣ ግን ጎረቤት አይመርጥም። አንዱን ሰፈር እንደ ጤፍ በአምስት ሳይት ይበትነዋል፤ አንዱን ደረጃ ደግሞ ከሃያ ሰፈር በመጡ ሃያ ቤተሰቦች ይሞላዋል። ዕድለኛው ቤቱን አከራይቶ ሌላ ቦታ ይኖራል፤ ተከራዩ ዋጋ ሲጨመርበት ይወጣል። ለመተዋወቅ የሚያስፈልገው ጊዜ ነው፤ ጊዜ ደግሞ አልተገኘም።

ይህ የእኛ ብቻ ታሪክ አይደለም። ማይክል ያንግና ፒተር ዊልሞት የተባሉ ሁለት እንግሊዛውያን እ.ኤ.አ. በ1957 ባሳተሙት ጥናት፣ ከምሥራቅ ለንደን ድሀ ሰፈር ከቤትናል ግሪን ተነስተው ከከተማ ወጣ ብሎ በተሠራ አዲስ መንደር የገቡ ቤተሰቦችን ተከታትለዋል። ቤቱ የተሻለ ነው፤ መታጠቢያ አለው፣ የጓሮ አትክልት አለው። የጎደለው እናት ቤት ብቅ ማለት፣ መንገድ ላይ በስም መጠራት ነው። ከሁሉ የገረመኝ ግኝታቸው ግን ይህ ነው። በድሮው ሰፈር ሰው የሚመዘነው ስለ እሱ በሚታወቁ ብዙ ነገሮች ነበር፤ ማን እንዳሳደገው፣ ለማን እንደደረሰ፣ ጨዋታው፣ ጠባዩ። በአዲሱ መንደር ይህንን የሚያውቅ ስለሌለ ሰው በሚታየው ብቻ መመዘን ጀመረ፤ በመጋረጃው፣ በቴሌቪዥኑ፣ በመኪናው። የኮንዶሚኒየም ነዋሪ ይህንን ሲሰማ ይስቃል። ማን ሴራሚክ አነጠፈ፣ ማን ጂፕሰም አሠራ፣ የማን በር ብረት ተደረበበት? የምንተዋወቀው በዚህ ነው። ጉረኛ ስለሆንን አይመስለኝም። ሌላ የምናሳየው ታሪክ የሚሰማን ስለሌለ ነው።

ቁጥር የሆነ ስም

የማንነት መጥፋት ሲባል ብዙ ሰው ባህል ረሳን፣ ቋንቋ ተደባለቀ፣ አለባበስ ተለወጠ ወደሚለው ይሄዳል። ቴሌቪዥን ላይ ጥናት የሚያቀርቡ ሰዎችም ከዚህ አይወጡም። እኔ የማወራው ግን ከዚያ በጣም ያነሰና በየቀኑ የሚሆን ነገር ነው። አንድ ሰው የሆነውን ሆኖ የሚቆየው ሌሎች እንደዚያ አድርገው ሲጠሩት ነው። በድሮው ሰፈር ጡረታ የወጣች አስተማሪ እስክትሞት «ቲቸር» ነበረች፤ ያስተማረችው ጎረምሳ ሲጋራውን ከኋላው ደብቆ ያልፋታል። ግንበኛው ዓይኑ ደክሞ መዶሻውን ካስቀመጠ አሥር ዓመት ቢያልፈውም፣ ግድግዳ ሲሰነጠቅ «ጋሼን ጥሩልኝ» ይባላል። ሙያው በእጁ ባይኖርም በሰው አፍ አለ።

ወደ 14 ቁጥር እመለሳለሁ። የቀብሩ ዕለት የሚነበበውን የሕይወት ታሪክ የሚጽፍ ሲፈለግ የኮሚቴው ጸሐፊ ወረቀትና እስክሪብቶ ይዞ ድንኳኑን ዞረ፤ የሚነግረው አላገኘም። በመጨረሻ ውጭ አገር ያለው ልጃቸው በኢሞ እያነበበ አስጻፈው። እኚህ እናት 31 ዓመት የሒሳብ አስተማሪ ነበሩ። እኔ ደግሞ ለሴት ልጄ የሒሳብ አስጠኚ እንደምፈልግ በትልቁ ጽፌ፣ ስልኬን ከሥሩ አድርጌ፣ የደረጃው ግድግዳ ላይ ለጥፌ ነበር። እሳቸው ዳቦ ሊገዙ ሲወርዱና ሲወጡ በየቀኑ የሚያልፉበት ግድግዳ ነው። ለምን እንዳላነጋገሩኝ ብዙ አስቤያለሁ። ስምንት ዓመት ሙሉ «ቲቸር» ብሎ የጠራው ሰው የሌለ፣ ራሱን እንዴት ብሎ ያስተዋውቃል? «አስተማሪ ነበርኩ» ብሎ በር ማንኳኳት ሥራ መለመን ይመስላል። ስለዚህ ዝም ብለው ወጡ፣ ዝም ብለው ወረዱ፤ እኔም ደህና አደሩ እያልኩ አለፍኳቸው።

ስም ሲቀየር ሰው ምን እንደሚሆን ከተሰደዱት ወገኖቻችን ብንጠይቅ ይነግሩናል። ወደ ዓረብ አገር ለቤት ሥራ ከሄዱት እህቶቻችን ብዙዎቹ ደላላ ባወጣላቸው ስም ተሳፍረው ሄደዋል፤ ደርሰው ደግሞ እመቤቲቱ የሚቀላትን ሌላ ስም ትሰጣቸዋለች። እ.ኤ.አ. በ1984 እና በ1985 በሙሴ ዘመቻ እስራኤል ከገቡት ቤተ እስራኤሎች ሕፃናቱና ወጣቶቹ በመዝጋቢና በመምህር እጅ የዕብራይስጥ ስም ወጥቶላቸዋል፤ ካደጉ በኋላ እናታቸው ወዳወጣችላቸው ስም የተመለሱ አሉ። አሜሪካ የሄደው ደግሞ የአባቱ ስም የቤተሰብ ስም ይሆንና፣ ክሊኒክ ውስጥ ሲጠራ አባቱን የሚፈልጉ መስሎት ዙሪያውን ያያል። ነገር ግን እነዚህ ሁሉ የተወሰደባቸውን ያውቁታል። ሰው አገር መሆናቸውን ያውቃሉ። ቤይሩት ያለችው እሑድ ቀን ከጓደኞቿ ጋር ስትገናኝ በእውነተኛ ስሟ ትጠራለች። በገዛ አገሩ፣ በገዛ ቋንቋው «14 ቁጥር» የሆነ ሰው ግን ምን እንደጠፋበት እንኳ ስም ሊያወጣለት አይችልም፤ የደከመው ይመስለዋል፣ ያረጀ ይመስለዋል፣ ደም ግፊት ይመስለዋል።

«ተገላገልን» የሚሉትስ?

ይህንን ሐሳብ ለአንዲት የሥራ ባልደረባዬ ሳጫውታት በቁጣ ነበር የመለሰችልኝ። እሷ ስቱዲዮ ውስጥ ብቻዋን ትኖራለች። «የድሮ ሰፈርህን እኔም አውቀዋለሁ» አለችኝ። «ባሌን ስፈታ ከእናቴ ቀድሞ የሰማው ባለሱቁ ነው። እዚህ ማን ገባ፣ ማን ወጣ የሚለኝ የለም። አንተ ብቸኝነት የምትለው ለእኔ አየር ነው።» ልትናቅ የምትችል ክርክር አይደለችም። የድሮው ሰፈር ለሁሉም እኩል አልሞቀም። ኤች አይ ቪ በደማቸው የተገኘ ሰዎች ከጎረቤት ምን እንደደረሰባቸው የ1990ዎቹ ትዝታ ቅርብ ነው። «የእገሌ እናት» እየተባሉ ዕድሜያቸውን የጨረሱ ሴቶችም የራሳቸው ስም ነበራቸው፤ ሰፈሩ ያወቃቸው በልጃቸው እንጂ በራሳቸው አልነበረም። ከዚህም የከፋ አለ። በ1969 እና በ1970 በቀይ ሽብር ጊዜ ቀበሌው የማንን ልጅ ከየት ቤት እንደሚያወጣ ያወቀው ሰፈሩ ስለሚተዋወቅ ነው። መታወቅ ያስገደለበት ጊዜ ነበር።

ይህንን ሁሉ እቀበላለሁ። ሆኖም አንድ ግሥ ላይ እንቁም። በአማርኛ «ጠየቀ» ሁለት ነገር ነው። የታመመን ሰው ሄዶ ማየት መጠየቅ ነው፤ መርማሪም ሲመረምር ይጠይቃል። «ጠያቂ የሌለው» ስንል እናዝናለን፤ «ምን አገባህ፣ ጠያቂዬ ነህ?» ስንል እንቆጣለን። የድሮው ሰፈር ሁለቱንም በአንድ ሰው አፍ ይጠይቅ ነበር። ያቺው ትናንት ያማችሽ ጎረቤት ዛሬ አጥሚት ይዛ ትመጣለች። ከተማችን ስትለወጥ ከመርማሪው ጠያቂ ለመሸሽ በቃን፤ አስታማሚውን ጠያቂ ደግሞ አብረን ጣልነው። ባልደረባዬ ያገኘችው ነፃነት እውነተኛ ነው፤ ዋጋውን ግን ገና አልከፈለችም፤ ሠላሳ አምስት ዓመቷ ነው፣ ጤነኛ ናት፣ በሥራ ቦታዋ በስሟ ይጠሯታል። ሂሳቡ የሚመጣው ሥራው ሲቆም ነው። ይህንን ስነግራት «ያኔ እናያለን» አለችኝ። የምር ልክ ልትሆን ትችላለች፤ እኔ ግን አይመስለኝም።

ሌላው ወገን ጥፋቱን ስልክ ላይ ይጥላል። ስልክ እንደ ማምለጫ እንደሚያገለግል አውቃለሁ፤ ልጄንም እቆጣታለሁ። ግን ለ14 ቁጥሯ እናት በቀን አንዴ በስማቸው፣ «እማዬ» ብሎ የሚጠራቸው ያ ስልክ ብቻ ነበር። የሕይወት ታሪካቸውም የመጣው ከዚያው ነው። የእድር ጡሩምባ ነፊ በአራተኛ ፎቅ ስለማይሰማ፣ መርዶው ራሱ ዛሬ በቴሌግራም ነው የሚደርሰን። ስልኩ ሰው የሄደበት ቦታ ነው እንጂ ሰውን ያባረረው እሱ አይደለም። ጸሎት ያንሳል የሚሉም አሉ። ከእነሱ ጋር አልከራከርም፤ ቤተ ክርስቲያንም መስጊድም በስም የሚያውቁህ ቦታዎች ስለሆኑ በዚያ በኩል ልክ ናቸው።

ከድንኳኑ በፊት

ፍርዴን ልናገር። እድር ከመቶ ዓመት በፊት የነበረውን ጥያቄ መልሶታል። ዛሬ በዚህች ከተማ እድር ያለው ሰው ቀባሪ አያጣም። የዛሬው ጥያቄ ሌላ ነው፤ ሳልሞት በፊት ማን ያውቀኛል? ለዚህ ደግሞ ከመቶ ዓመት በፊት የነበሩት እንግዶች እንዳደረጉት አዲስ ነገር መፍጠር ሲገባን፣ የእነሱን መልስ ይዘን እኛም መልሰናል ብለን ተቀምጠናል። «ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት» የሚለው ተረት የሚሠራው ጎረቤቱ ቅርብ ሲሆን ነው፤ በግድግዳ ብቻ ሳይሆን።

እድር መለወጥ እንደሚችል ደግሞ ታይቷል። በኤች አይ ቪ ወረርሽኝ ጊዜ ካዝናው ከቀብር ብዛት የተነሳ ሲራቆት፣ በአዲስ አበባ ብዙ እድሮች ከሞተው ወደ ታመመው ዞረው አስታመዋል፣ ወላጅ ያጡ ልጆችን ደግፈዋል። ያን ጊዜ ያስገደዳቸው የሬሳ ብዛት ነበር። አሁን የሚያስገድድ ሬሳ የለም፤ ዝምታ ነው ያለው፤ ዝምታ ደግሞ ካዝና አያራቁትም። በአንጻሩ በብዙ የኮንዶሚኒየም እድሮች ተከራይ አይመዘገብም ወይም መግቢያ ክፍያው ስለሚከብደው ይተወዋል፤ ብዙ ሰው አሁንም የድሮ ሰፈሩን እድር እየከፈለ፣ ለቅሶ ለመድረስ ሁለት ታክሲ ይይዛል። ተከራይን በወር ከፍሎ ያለ መግቢያ የሚቀበል እድር ቢኖር፣ ከግማሽ በላይ የሚሆነውን የደረጃችንን ሰው ባወቅን ነበር። በየሳይቱ ለልብስ አጠባ፣ ለእርድና ለድግስ ተብሎ የተሠራው ኮሙናልም አለ። የእኛው ዛሬ መጋዘን ነው፤ ቁልፉ ማን ዘንድ እንዳለ ጠይቄ አላወቅሁም።

መንግሥትንም የሚመለከት አለ። ቤት የሚቆጠር ነገር ስለሆነ ይቆጠራል፤ ጎረቤትነት ስለማይቆጠር ሪፖርት ላይ አይወጣም። ሰፈር ሲነሳ በአብዛኛው ስንት አባወራ፣ ስንት ካሬ ሜትር ይባላል እንጂ ስንት እድር፣ ስንት ማኅበር፣ ስንት ዕቁብ አይባልም። የሚነሱትን በእድራቸው አንድ ላይ ማስፈር ተጨማሪ ብሎኬት አይጠይቅም፤ የስም ዝርዝሩን ከመበተኑ በፊት ማየት ብቻ ነው የሚጠይቀው። በ2016 የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይ አዋጅ ደግሞ የኪራይ ውል ከሁለት ዓመት እንዳያንስ ደንግጓል። ሁላችንም ያየነው የዋጋ ጉዳይ አድርገን ነው፤ ባለቤቶች ገቢያቸውን፣ ተከራዮች ጭማሪውን አሰሉ። እኔ ግን ስለ ብቸኝነት ከወጡ ሕጎች ሁሉ ጠቃሚው ይህ ይመስለኛል፤ ያወጡት ሰዎች እንደዚያ ባያስቡትም። ሁለት ዓመት የጎረቤትን ልጅ ስም ለማወቅ ይበቃል። ልጁ ሲያድግ ለማየት ግን አይበቃም፤ አራት ቢሆን በወደድኩ።

በእኛ መግቢያ ሃያ ቤት አለ። ከድንኳኑ በኋላ ተቀምጬ ስቆጥር የአራቱን ሰዎች ስም ብቻ ነው ያገኘሁት፤ ከአራቱ አንዱ የቧንቧ ሠራተኛ ስለሆነ ስልኬ ውስጥ የተመዘገበ ነው። 14 ቁጥር ከሰኞ ጀምሮ አዲስ ተከራይ ገብቶበታል። ማታ ማታ የሕፃን ልቅሶ ይሰማኛል። ስማቸውን ገና አላወቅሁም።